«አባዬ፣ እሱ እኮ አይቆጠርም!»

ባለፈው ክረምት በቤታችን አንድ ሕግ ወጣ። ሕጉን ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ የጣሰው የ13 ዓመት ልጄ ነው። መጣሱን ያወቅኩት በ3 ሳምንት ውስጥ ነው። ለምን እንደጣሰው የገባኝ ግን ዘግይቶ፣ ያውም እናቴ ጣልቃ ገብታ ነው። በብዙ ቤት ተመሳሳይ ነገር እንደሚኖር ስለማልጠራጠር የደረሰብኝን ላውጋችሁ።

ነገሩ የተጀመረው አንድ እሑድ ከሰዓት ነው። ቡና ተፈልቶ ሳሎን ቁጭ ብለናል። ልጄ ጥጉን ይዞ በእናቱ ስልክ አንድ የተኩስ ጌም ይጫወታል። ድንገት የጆሮ ማዳመጫው ከስልኩ ተነቀለና የአንድ ጎልማሳ ድምፅ ቤቱን ሞላው። ሰውየው በእንግሊዝኛ ይሳደባል፤ ስድቡ ለጆሮ የሚከብድ ነው። እናቴ እንግሊዝኛ ባታውቅም ስድብ መሆኑ አልጠፋትም፤ ነጠላዋን ወደ አፏ አስጠጋች።

«ማነው ሰውየው?» አልኩት።

«አላውቀውም፤ ቡድኔ ውስጥ ያለ ሰው ነው» አለኝ፣ ድምፁን ለመቀነስ እየተጣደፈ።

ያ ጌም በዚያው ሰዓት ከስልኩ ጠፋ። ማታ ከባለቤቴ ጋር ተመካከርንና ሕጉን አወጣሁ። ከእንግዲህ ዕድሜው የሚፈቅደውን ጌም ብቻ ይጫወታል። የሚጫወተውም ሻርጃ ካሉት የእህቴ ልጆች ጋር ብቻ፣ ሌላ ሰው በማይገባበት የግል ክፍል ውስጥ ነው። የእህቴ ልጆች ሁለት ናቸው፤ አንዱ 14፣ ትንሹ 10 ዓመቱ ነው። ሦስቱም የሚወዱት «ብራውል ስታርስ» የሚባል፣ እንደ ካርቱን ያለ ጌም ነበር። ሦስት ለሦስት ሆነው የሚጋጠሙበት ሲሆን አንዱ ግጥሚያ ሁለት ሦስት ደቂቃ ቢፈጅ ነው።

እኔ በሕጉ ደስ ብሎኝ ነበር። የማያውቀው ሰው አይሰድበውም። በዚያ ላይ የእህቴ ልጆች ተወልደው ያደጉት እዚያው ስለሆነ አማርኛቸው ተሰባብሯል። ቅዳሜ ቅዳሜ ከልጄ ጋር እየተጫወቱ በስልክ ሲያወሩ «ና ወደዚህ!»፣ «ሽሽ!»፣ «አንተ ጅል፣ ከኋላህ ነው!» ሲባባሉ እሰማለሁ። እህቴም «ለብዙ ጊዜ የታገልኩትን አማርኛ ጌሙ አስተማረልኝ» ብላ ስቃለች።

በሦስተኛው ሳምንት የኢንተርኔት ጥቅሉ ከወትሮው ቀድሞ አለቀ። አንድ ቀን ከምሽቱ 5 ሰዓት ላይ ውኃ ለመጠጣት ስነሳ በልጄ ክፍል በር ሥር ሰማያዊ ብርሃን አየሁ። ብርድ ልብሱን ገለጥኩት። ስልኩ እጁ ላይ ነው። ጌሙ የቅርብ ጊዜ ግጥሚያዎችን የሚዘረዝርበት ገጽ አለው፤ ከፍቼ ሳየው የእህቴ ልጆች ስም የለም። ሁሉም የማናውቃቸው ሰዎች ናቸው።

«ከአክስትህ ልጆች ጋር ብቻ ተጫወት አላልኩህም?»

«ከእነሱም ጋር እጫወታለሁ።»

«ታዲያ ይኼ ምንድን ነው?»

«አባዬ፣ እሱ እኮ አይቆጠርም!»

እውነቱን ልናገር፤ የገባኝ የአክስቱን ልጆች እንደ ሰው እንደማይቆጥራቸው ነው። እህቴ ስንት ዓመት በሰው አገር ስትደክም፣ ልጆቿ የእኛ እንዲሆኑ ስትለፋ፣ የእኔ ልጅ «አይቆጠርም» ይላል ብዬ ደሜ ፈላ። ስልኩን ለአንድ ሳምንት ቀማሁት። እሱም ምንም ሳይል ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ለአራት ቀን ቤቱ ዝም አለ። በአምስተኛው ቀን እናቴ ጎመን እየቀነጠሰች ጠራችኝ።

«ልጁ ምንድን ነው አይቆጠርም ያለህ?» አለችኝ።

«እኔ እንጃ፣ እማዬ።»

«ሳታውቅ ነው የቀጣኸው?»

መልስ አልነበረኝም። ማታ ልጄን አጠገቤ አስቀመጥኩና ስልኩን ከፍቶ እንዲያሳየኝ ጠየቅኩት። መጀመሪያ ወጥመድ መስሎት ተጠራጠረ፤ ከዚያ ግን አንደበቱ ተፈታ።

በዚህ ጌም አንድ ተጫዋች ሲያሸንፍ «ዋንጫ» ይጨመርለታል፤ ሲሸነፍ ይቀነስበታል። የዋንጫው ቁጥር ከፍ ባለ መጠን በመንገዱ ላይ ሽልማት አለ፤ አዳዲስ ገጸ ባሕርያትም ይከፈታሉ። ይህ ሁሉ የሚሆነው ግን ጌሙ ራሱ ተጋጣሚ መርጦ በሚያገናኝበት የሕዝብ ግጥሚያ ነው። ወዳጆች የራሳቸውን ክፍል ከፍተው እርስ በርስ ሲጫወቱ ግጥሚያው የወዳጅነት ይባላል። መቶ ጊዜ ቢያሸንፉ አንድ ዋንጫ አይጨመርም፤ ቢሸነፉም አይቀነስም።

እግር ኳስ የሚከታተል ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ቅዱስ ጊዮርጊስና ቡና የወዳጅነት ጨዋታ ቢያደርጉ በሊጉ ሰንጠረዥ ላይ የሚለወጥ ነገር የለም። ልጄ በእኔ ሕግ መሠረት ዓመቱን ሙሉ የወዳጅነት ጨዋታ ብቻ እንዲጫወት ተፈርዶበት ነበር። ትምህርት ቤት ጓደኞቹ «ስንት ደረስክ?» ሲሉት ቁጥሩ ከሦስት ሳምንት በፊት የነበረው ነው። የአክስቱ ልጆች ደግሞ በሌላው ቀን በሕዝብ ግጥሚያ ስለሚጫወቱ ጥለውት ሄደዋል። ቅዳሜ ሲገናኙ የእነሱ አዲስ አዲስ ገጸ ባሕርይ፣ የእሱ ያው የድሮው ነው።

«ታዲያ ለምን አይቆጥሩትም?» አልኩ እኔ፣ አሁን ደግሞ ለልጄ ወግኜ። «ጨዋታ ጨዋታ አይደለም እንዴ?»

ልጄ ሳቀ። «አባዬ፣ ቢቆጠርማ እኔና ጓደኛዬ ክፍል ዘግተን ‹አንዴ አንተ ተሸነፍልኝ› እንባባል ነበር።»

ይህን ለአንድ ቼዝ ወዳጅ የሥራ ባልደረባዬ ሳጫውተው እሱ ደግሞ የበለጠ ነገር ነገረኝ። ቼዝ ተጫዋቾች በነጥብ የሚመዘኑበትን ዘዴ የቀመረው አርፓድ ኤሎ የተባለ፣ በአሜሪካ የኖረ ትውልደ ሃንጋሪ የፊዚክስ መምህር ነው። የአሜሪካ የቼዝ ፌዴሬሽን በ1960፣ ዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን ደግሞ በ1970 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ተቀብለውታል። የዘዴው መሠረት አንድ ነው፤ ተጫዋቾች ከሰፊው ሕዝብ ጋር እየተቀላቀሉ መጋጠም አለባቸው።

ክላውድ ብለድጉድ የሚባል ሰው በአሜሪካ ቨርጂኒያ ግዛት እስረኛ ነበር። ቼዝ ይችላል፤ ከታላላቆቹ ተርታ የሚመደብ ግን አልነበረም። እስር ቤት ውስጥ ከእስረኞች ጋር ይጫወታል፤ ውጤቱ ለፌዴሬሽኑ ይላክና ይቆጠርለታል። አዲስ እስረኛ በመጣ ቁጥር ያሸንፋል፤ ባሸነፈ ቁጥር ነጥቡ ይወጣል። በ1996 ነጥቡ 2702 ደረሰና ከአገሪቱ ተጫዋቾች ሁለተኛ ሆኖ ተመዘገበ! እሱ ሆን ብዬ አላጭበረበርኩም ይል ነበር። ቢሆንም በዝግ ግቢ ውስጥ የተገኘ ነጥብ ከግቢው ውጪ ምን ያህል እንደሚያሳስት ለሁሉም ታየ።

ባልደረባዬ እሱ በኢንተርኔት ቼዝ የሚጫወትበትን «ሊቼስ» የተባለውን ነፃ መድረክም አሳየኝ። እዚያ ለወዳጅህ የጨዋታ ግብዣ ስትልክ ነጥብ የሚያዝበት ይሁን ወይስ ለመዝናናት ብቻ የሚል ምርጫ ይቀርብልሃል። «ፐብጂ ሞባይል» የሚጫወቱ ልጆችን ብትጠይቁ ደግሞ በግል ክፍል የተደረገ ግጥሚያ ደረጃ እንደማያሳድግ ይነግሯችኋል። ስለዚህ የጌሙ ሕግ ለፍትሕ የወጣ ነው። የእኔም ሕግ ለደኅንነት የወጣ ነው። ልጄ በሁለት ትክክለኛ ሕጎች መካከል ተቀርቅሮ ነበር።

ይህን ሁሉ ለእናቴ ሳስረዳት ከጎመኑ ቀና ብላ «አንተስ የግቢ ልጅ አልነበርክ?» አለችኝ።

ነበርኩ። ጉለሌ ነው ያደግኩት። ዘመኑ የአፈሳ ዘመን ነበር። ታላቅ ወንድሜ እንዳይወሰድባት የምትሰጋው እናቴ እኔንም ትንሹን ከአጥር ግቢው አታስወጣኝም ነበር። በግቢያችን ውስጥ ከእህቶቼና ከጎረቤት ልጅ ጋር በካልሲ ኳስ እጫወታለሁ፤ ግብ አስቆጣሪው እኔ ነኝ፤ ማንም አይችለኝም። ከአጥሩ ማዶ ግን ሜዳ አለ። ሰፈር ከሰፈር ይጋጠማል፤ በዚያ የተቆጠረ ግብ ሳምንቱን ሙሉ ይወራል። አንድ ቀን በአጥሩ ቀዳዳ «እኔ ዛሬ ሰባት አገባሁ» ብዬ ብጮህ፣ ከሜዳው አንዱ «ለእህቶችህ ንገራቸው!» ብሎ መለሰልኝ። ሁሉም ሳቁ። በማግስቱ እናቴ ገበያ ስትሄድ አጥር ዘልዬ ወጣሁ። ስመለስ የጠበቀኝ የወይራ ልምጭ ነበር።

«መትቼህም አልተውክም» አለች እናቴ። «ሦስት ጊዜ ዘለልክ። መጨረሻ ላይ የጎረቤታችንን ትልቁን ልጅ ጠርቼ ‹ይዘኸው ሂድ፣ ይዘኸው ና› አልኩት። ከዚያ ወዲህ አጥሬ አልፈረሰም።»

መፍትሔውን ያገኘሁት እዚህች ላይ ነው። ጌሙ ሦስት ለሦስት መሆኑን ነግሬያችኋለሁ። ሦስት የሚተዋወቁ ልጆች አንድ ቡድን ሆነው በሕዝብ ግጥሚያ ከሌሎች ሦስት ጋር ሊጋጠሙ ይችላሉ፤ ይህ ደግሞ ይቆጠራል። እኛ ዘንድ ሦስት ልጆች አሉ። ሻርጃ ደወልኩ፤ ከእህቴ ጋር ተነጋገርን። ትልቁ የእህቴ ልጅ «ይዘኸው ሂድ፣ ይዘኸው ና» ተባለ።

አዲሱ ሕጋችን አጭር ነው። በሕዝብ ግጥሚያ መጫወት የሚቻለው ሦስቱ አንድ ላይ ሲሆኑ ነው። ከማያውቁት ሰው የሚመጣ የጓደኝነት ጥያቄ አይቀበሉም። እርስ በርስ የሚያወሩት በቤተሰቡ የስልክ ጥሪ ነው። ጊዜው ቅዳሜና እሑድ አንድ አንድ ሰዓት ሲሆን፣ ስልኩ ማታ የሚያድረው ሳሎን ነው። የመጨረሻውን ልጄ ራሱ ነው ያቀረበው፤ «ካጠገቤ ካደረ አልችልም» ብሎ። እኔም ሳልጠይቅ በመቅጣቴ ይቅርታ ጠየቅኩት።

ሁሉም ነገር ሰመረ ልላችሁ አልችልም። በመጀመሪያው ቅዳሜ በተከታታይ አምስት ጊዜ ተሸነፉ። ዋንጫ ወረደ፤ ትንሹ አለቀሰ፤ ሁለቱ ትልልቆች ተኳረፉ። «ከማላውቃቸው ጋር ስጫወት ይሻለኝ ነበር» ሲል ልጄን ሰማሁት፤ ሆዴ ተረበሸ። በማግስቱ ግን ትልቁ የእህቴ ልጅ አንድ ሐሳብ አመጣ፤ መጀመሪያ የግል ክፍል ከፍተው ግማሽ ሰዓት ይለማመዱ፣ ከዚያ ወደሚቆጠረው ይግቡ። ልጄ የጠላው ያ የማይቆጠረው ጨዋታ አሁን የልምምድ ሜዳቸው ሆነ። ትንሹ እዚያ ቢሳሳት ማንም አይቆጣውም።

ወላጆችም አያቶችም ብትሆኑ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ልጁ ላይ ሕግ ከማውጣታችሁ በፊት አጠገቡ ቁጭ በሉና «በዚህ ጌም የሚቆጠረው ምንድን ነው? የማይቆጠረውስ?» ብላችሁ ጠይቁት። ጌም ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለምና መልሱን ከልጁ በቀር ማንም አይነግራችሁም። ከዚያ ሕጋችሁን አውጡ፤ ጥብቅ ይሁን። ልጁ በሕጉ ምን እንደሚያጣ ግን እወቁለት።

ባለፈው ቅዳሜ እኔም ልሞክር ብዬ ስልኩን ተቀበልኩ። ሦስቱ በጥሪው ውስጥ ተንሾካሾኩና ልጄ እያፈረ «አባዬ፣ አንተ ከገባህ ዋንጫችን ይወርዳል፤ የወዳጅነቱን እናድርግ» አለኝ። ገባሁ። በየት በኩል እንደመቱኝ እንኳ ሳላውቅ ደጋግሜ ሞትኩ። ከሻርጃ ትንሹ በዚያች በተሰባበረች አማርኛው «አጎቴ፣ ሽሽ! ሽሽ!» ይለኛል።

እናቴ ከመቀመጫዋ ሆና «አሸነፍክ?» ብላ ጠየቀችኝ።

«አይ፣ ተሸነፍኩ፤ ግን አይቆጠርም፣ እማዬ» አልኳት።