የተዘጋ መዝገብ

«መዝገቡ ተዘግቷል» የሚለው ቃል ከማንኛውም የፍርድ ቃል ይልቅ ያስፈራኛል። ፍርድ ይግባኝ አለው። የተዘጋ የፖሊስ መዝገብ ግን ማን እንደዘጋው፣ ስለ ምን እንደዘጋው ለተበዳዩ የሚነግረው የለም።

ሂርና ተቀምጦ ለሰው ማመልከቻ ሲጽፍ የኖረ ይህን ያውቃል። ከተማችን ከአዲስ አበባ ወደ ሐረርና ድሬዳዋ በሚወስደው ጎዳና ላይ ናት። ጫት ከጠወለገ ዋጋ የለውምና የጫነው አይሱዙ ማንንም አይጠብቅም፤ ድምፁን የሰማ ሁሉ ዳር ይይዛል። በዚሁ መንገድ፣ በሌላ ከተማ፣ ዳር ሳይደርስ እግሩ የተሰበረ ልጅ እናት ወደ እኔ መጡ። «ያዩ ሦስት ሰዎች ነበሩ ልጄ፤ አንዳቸውን እንኳ የጠየቀ የለም» አሉኝ። መርማሪው «ማስረጃ የለም» ብሎ አሰናብቷቸዋል።

ድሮ ቢሆን አውጫጪኝ ይቀመጥ ነበር። የአገሩ ሰው ተሰብስቦ ጥፋተኛው እስኪወጣ ሜዳ ላይ ይውላል። ንጹሑንም አብሮ የሚያጉላላ ሥርዓት ነበርና አልናፍቀውም፤ ነገር ግን ተበዳዩ ምርመራውን በዓይኑ ያይ ነበር። ዛሬ ምርመራው ያለው መሳቢያ ውስጥ ነው።

ሆኖም የመሳቢያው ጌታ ፖሊስ ብቻ አይደለም። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ፖሊስ የደረሰውን ክስ ቢጠራጠረው እንኳ እንዲመረምር ያዛል፤ የምርመራው ውጤትም ለዐቃቤ ሕግ እንዲቀርብ። ዐቃቤ ሕጉ መዝገቡን አይቶ ተጨማሪ ምርመራ እንዲደረግ ማዘዝ ይችላል። አልከስም ካለም ምክንያቱን በጽሑፍ መስጠት አለበት። ሕጉ ክሱ በግል አቤቱታ ብቻ የሚቀርብ ከሆነ ተበዳዩ ራሱ የሚከስበትን ፈቃድ፣ ከዚያ ውጪ ላለው ደግሞ ውሳኔው በደረሰው በ15 ቀን ውስጥ ዐቃቤ ሕጉ እንዲከስ ትእዛዝ የሚለምንበትን መንገድ አስቀምጧል። ለበላይ ዐቃቤ ሕግ አቤት ማለትም አለ። 15 ቀን! ማንበብ ለማይችል ገበሬ፣ ወረቀቱ እጁ ሳይገባ የሚያልቅ ጊዜ ነው። ስለዚህ ለሚመጣው ሁሉ የምነግረው አንድ ነገር ነው፦ በቃል የተነገረህን ይዘህ አትሂድ፤ በጽሑፍ ጠይቅ።

ሌላም በር አለ፤ ብዙ ሰው አያውቀውም። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የመኪና ባለቤት መኪናው ላደረሰው ጉዳት ጥፋት ባይኖርበትም ኃላፊ ነው። የወንጀሉ ፍርድ ቤት ተከሳሹን በነፃ ቢለቅ እንኳ የካሣው ዳኛ በዚያ አይታሰርም። ችግሩ ለካሣ ክስ በመደበኛው የተሰጠው ጊዜ ሁለት ዓመት መሆኑ ነው፤ «ፖሊስ ይጨርስና» እያለ የሚጠብቅ ሰው ቀኑ ያልፍበታል።

ጭሮን፣ ያኔ አሰበ ተፈሪን፣ ጨርጨርን ሲያስተዳድሩ ለናሙና ከተማነት ያቀኗት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የ1923ቱን ሕገ መንግሥት ያረቀቁ ሰው ናቸው። ሕጉስ ከደጃችን የራቀ አልነበረም። የራቀው የሚያነብልን ሰው ነው።

የእኒያን እናት ማመልከቻ በኦሮምኛ ጻፍኩት፤ ሦስቱን ምስክሮች ከነሰፈራቸው ዘርዝሬ፣ ተጨማሪ ምርመራ እንዲታዘዝ። ጣታቸውን ቀለም ነክረው ፈረሙ፤ ኮፒውን በሻሻቸው ጫፍ ቋጠሩት። መዝገቡ ወደ መርማሪው ተመለሰ። ሁለቱ ምስክሮች ቃላቸውን ሰጡ፤ ሦስተኛው ጅጅጋ ሄዷል ተባለ። ክስ ገና አልተመሠረተም። የካሣውን ክስ ግን ሁለት ዓመቱ ሊሞላ አራት ወር ሲቀረው አስገብተናል።