አሚር ራሚላን የሆነው ሰው

«ሻፍት በአፍሪካ» የተባለውን ፊልም የፈለግነው ደበበ እሸቱን ለማየት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1973 የወጣ ነው፤ ከፊሉ የተቀረጸውም እዚሁ አገራችን ነው። ደበበ ዋሳን ሆኖ ይጫወታል፤ ደግም ይጫወታል። ዓይናችን ተሰክቶ የቀረው ግን በሌላ ሰው ላይ ሆነ። ሻፍትን አስመጥቶ ሥራ የሚሰጠው፣ አሚር ራሚላን የሆነው ያ ረጋ ያለ ድምፀ ሸጋ ሰውዬ ማን ይሆን?

ሳይ ግራንት ይባላል። እንግሊዛዊ ይበሉት እንጂ በ1919 የተወለደው ያኔ የእንግሊዝ ቅኝ በነበረችው ጉያና ነው። በ1941 የእንግሊዝ አየር ኃይል ገባ። የቦምብ ጣይ አውሮፕላን መንገድ መሪ ሆኖ ሲበር በ1943 ሆላንድ ላይ ተመትተው ወደቁና ሁለት ዓመት የጀርመኖች ምርኮኛ ሆነ። ከጦርነቱ በኋላ ሕግ አጥንቶ በ1950 ጠበቃ ለመሆን በቃ። ምን ዋጋ አለው! የሚያሠራው አጣ። ለንጉሡ ሲዋጋ ያልታየው የቆዳ ቀለም ችሎት ልቁም ሲል ታየ። ቴያትር የገባው እንግዲህ እንጀራ ፍለጋ ነው።

በ1957 በቢቢሲ ቴሌቪዥን የዕለቱን ወሬ በካሊፕሶ ዜማ ማቅረብ ጀመረ። በ1967 ደግሞ በአንድ የልጆች የአሻንጉሊት ፊልም ሌተና ግሪንን በድምፁ ተጫወተ፤ ፊቱ የአሻንጉሊት፣ ድምፁ የእሱ። ጸጋዬ ገብረ መድኅን በአማርኛ ያቀረበልንን ኦቴሎን በ1965 ሌስተር ከተማ መድረክ ላይ ሆኖታል። በዚያው ዓመት በወጣው ፊልም ግን ኦቴሎ ነጩ ሎረንስ ኦሊቪዬ ነበር፤ ፊቱን ጥቁር ተቀብቶ! ኢያጎን የሆነው ፍራንክ ፊንሌ ነው። ያው ፊንሌ «ሻፍት በአፍሪካ» ውስጥ የሰው ነጋዴው አማፊ ሆኖ ከግራንት ጋር እንደገና በአንድ ፊልም ይገኛል።

አዎን፣ የፊልሙ ነገር የሰው ንግድ ነው። አፍሪካውያንን ወደ አውሮፓ እያሻገሩ ጉልበታቸውን ይበሏቸዋል። ይህን ለሆሳዕና፣ ለዱራሜ ወይም ለሺንሺቾ ሰው ማስረዳት አያሻም። እኛ ዘንድ መንገዱ ወደ ደቡብ ነው፦ ሞያሌ፣ ኬንያ፣ ታንዛንያ፣ ከዚያ ጆበርግ። አባት በሬ ይሸጣል፣ ደላላ ይከፈላል፣ ልጅ ይሄዳል። በመጋቢት 2020 ሞዛምቢክ ቴቴ ላይ በአንድ የጭነት መኪና ኮንቴይነር ውስጥ ኢትዮጵያውያን ስደተኞች ተገኙ፤ 64ቱ ሞተው፣ 14ቱ በሕይወት። ፊልሙ ቢሆን ኖሮ ሻፍት በሩን ሰብሮ ይደርስ ነበር። በእኛ አገር የሚታየው አሚሩ ብቻ ነው፤ ቤቱ ቁጭ ብሎ የሚጠብቀው ሽማግሌ።

ግራንትን የወደድነው ግን ለትወናው ብቻ አይደለም። በ1974 ለጥቁር አርቲስቶች «ድራም» የተባለውን የጥበብ ማእከል ለንደን ላይ ከባልደረባው ጋር አቋቋመ። በ2010 በ90 ዓመቱ ሳይሞት በፊት ደግሞ ከአንድ የሆላንድ ሰው ጋር ሆኖ፣ ከካሪቢያን ወጥተው በዚያ ጦርነት የበረሩትን ሰዎች ስም የያዘ መዝገብ አሰናዳ። ማን ከየት ወጣ፣ ማን ተመለሰ፣ ማን ቀረ።

እኛ ከሐድያና ከከምባታ ስለወጡት እንዲህ ያለ መዝገብ አላየንም። ስማቸው ያለው እናቶች አፍ ላይ ነው። የክረምቱ ዕረፍት ሲደርስ እያንዳንዳችን ወደየቀበሌያችን እንሄዳለን፤ ደብተርና እስክሪብቶ እንደሆነ አናጣም።