ሞላዋ የተቆረጠ ቪትዝ

ቪትዟን የገዛኋት ደብረ ማርቆስ ነው። የቀድሞው ባለቤቷ ሞላዎቿን አስቆርጦ ዝቅ አድርጓታል፤ ዝቅ ያለ መኪና መንገድ ይይዛል ሲባል እየሰማሁ ስላደግሁ ደስ ብሎኝ ወሰድኳት። አባባሉ ሐሰት አይደለም። የመኪና የክብደት ማዕከል ወደ መሬት ሲቀርብ ኩርባ ላይ ከውስጠኛው ጎማ ወደ ውጪኛው የሚዞረው ጫና ይቀንሳል።

ከደጀን ወደ ዓባይ በረሃ ስወርድ ግን ሌላ መኪና ሆነች። ከደጀን ጎሐ ጽዮን 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ መንገዱ እስከ ወንዙ ከ1000 ሜትር በላይ ቁልቁል ይወርዳል። ወንዙ ላይ ያለው የሕዳሴ ድልድይ ቢያምርም ተዳፋቱ ስለሚንሸራተት አስፋልቱ እዚህም እዚያም ተጣጥፏል። ኩርባ መሐል እጥፋቱን ስትመታ ሾክ አብዞርበሩ መጨረሻው ላይ ይደርስና መሪው በእጄ ውስጥ ይዞራል። ከታች ገደል ነው።

የፊት ጎማዋም ይበላ ስለነበር አላይመንት አሠራሁ፤ መበላቱን ግን አልተወም። ደብረ ማርቆስ ያሉ አንድ አንጋፋ መካኒክ እጄን ይዘው የፊት ጎማውን የውስጥ ጠርዝ አስዳሰሱኝ። ወደ አንድ አቅጣጫ ሲዳስሱት ለስላሳ ነው፤ ሲመለሱ እንደ መጋዝ ይቧጥጣል።

«ጋሼ፣ አላይመንት እኮ ተሠርቷል» አልኳቸው።

«በየትኛው ቁመት? ቁመቷን መልስ፣ ከዚያ አላይመንት አሠራ።»

ነገሩ እንዲህ ነው። የመሪው ዘንግና ታችኛው ብራቾ ሁለቱም ከቦዲው ወደ ጎማው ይዘረጋሉ። ፋብሪካው ሲሠራት ጎማው ሲነሣና ሲወርድ ሁለቱ ተስማምተው እንዲሄዱ አስልቷል። ቦዲው ዝቅ ሲል የሁለቱም አንግል ይለወጣል፤ ስምምነቱ ይፈርሳል። የጎማዎቹ አፍንጫ ወደ ውስጥ ወይም ወደ ውጪ ይዞራል፤ አናታቸውም ወደ ውስጥ ያዘነብላል። ሰው ሁሉ የሚከሰው ማዘንበሉን ነው። ጎማ በፍጥነት የሚጨርሰው ግን የአፍንጫው መዞር ነው፤ ምክንያቱም ጎማው እየተንከባለለ ሁልጊዜ በጎኑ ይጎተታል። አላይመንት ቤት ያንን የሚያስተካክለው መኪናዋ ቆማ ሳለ ነው፤ እጥፋቱ ላይ ስትወጣ ዘንጉ እንደገና ያዞረዋል። የኋላ ጎማዎቿን የያዘው ደግሞ አንድ ወጥ ብረት ስለሆነ በቀላሉ የሚፈታና የሚስተካከል ነገር የለውም።

እስካሁን የሚገርመኝ ሌላው ነው። ቦዲው ኩርባ ላይ የሚያዘነብልበት፣ በዓይን የማይታይ ነጥብ አለ። እንደዚህች ባለ መኪና ሞላ ሲቆረጥ የክብደት ማዕከሉ ጥቂት ሲወርድ ያ ነጥብ ከእሱ ይበልጥ ይወርዳል። በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ስለሚረዝም ቦዲውን የሚያጋድለው ኃይል ይጨምራል። የተቆረጠ ሞላ ጠንከር ማለቱ እውነት ነው፤ ግን የሚሄድበት ቦታ አጥሯል። ሲያልቅበት ጎማው በድንገት መንገዱን ይለቃል። እሽቅድምድም ላይ ዝቅ የሚሉት መኪኖች ብራቾውም ዘንጉም ሾኩም አብረው ተቀይረውላቸው ነው። በግራይንደር ሞላ ቆርጦ ለዓባይ ቁልቁለት መልቀቅ በተሳፋሪ ነፍስ መቀለድ ነው።

ትክክለኛ ሞላ አስገባሁ፤ አላይመንቱ ከዚያ በኋላ ተሠራ፤ መሪው ረጋ። ሞላው ሳይቆረጥም ጭነት ቁመት ይቀንሳል፤ ከኋላ ጤፍ የተጫነባት መኪና ኋላዋ ወርዶ አፍንጫዋ ሲነሣ የፊት ጎማዋ አንግልም አብሮ ይለወጣል።

ያገለገለ መኪና የምትገዙ፣ መሪውን እስከ ዳር አዙራችሁ የፊት ጎማውን የውስጥ ጠርዝ ዳስሱ። የሞላውንም ጫፍ እዩት፤ ቀለም የሌለውና የዛገ ቁራጭ ከሆነ የሞላውን ዋጋ ከመኪናው ዋጋ ላይ አስቀንሱ።