ተራው የማን ነው?

ከሞጆ ወደ ሐዋሳ ሲወርዱ መቂን ያለ ሽንኩርትና ቲማቲም ማለፍ አይቻልም። የዱግዳ ገበሬ ከዝዋይ ሐይቅና ከመቂ ወንዝ ውኃ ስቦ ያመረተው በሳጥንና በጆንያ ሆኖ መኪና ይጠብቃል። ከክምሩ እስከ መኪናው አሥር እርምጃ ቢሆን ነው። ጠቡ የሚነሳው ግን እዚያችው ላይ ነው።

አንድ ቀን ቆሜ አየሁ። ነጋዴዋ ልጆቿን ይዛ መጥታ ዕቃዋን ልታስጭን ነው። የማኅበሩ አባላት ከበቧት። «እትዬ፣ ተደራጅተን፣ ተመዝግበን ነው የምንሠራው። ቦታው የኛ ነው።» እሷም ዋዛ አይደለችም። «ዕቃው የኔ፣ ጉልበቱ የልጆቼ፤ ምን ሠርታችሁ ነው የምከፍላችሁ?» ሾፌሩ ሰዓቱን ያያል፤ ፀሐይዋ ቲማቲሙን ታያለች። አንዱ ወጣት ወደኔ ዞሮ፣ «ጋሼ፣ ታዲያ ከሌሊት ጀምሮ ተራ የያዝነው ለምኑ ነው?» አለኝ።

ሁለቱም እውነት አላቸው፤ ክፋቱም ይኸው ነው። በገዛ እጁ ዕቃውን የሚጭን ሰው ላልተሠራ ሥራ ክፈል ሲባል፣ ስሙ ሌላ ነገር ነው። በሌላ በኩል ደግሞ ምዝገባው ለጫኙ የሰጠው ቦታ እንጂ ደመወዝ አይደለም። መኪና ካልመጣ ገቢ የለም። ተራው ብቸኛ ንብረቱ ነው። ጀርባውም ቢሆን ዕድሜ አለው፦ የዓለም ሥራ ድርጅት በ1967 እ.ኤ.አ. ባወጣው ምክረ ሐሳብ አንድ ጎልማሳ ወንድ የሚሸከመው ከ55 ኪሎ እንዳይበልጥ ይመክራል። የኛ ኩንታል መቶ ኪሎ ነው!

ለምን ሕግ አይዳኛቸውም? ቢሉ፣ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የግል ክርክርን ለፍርድ ቤት፣ የወል ክርክርን ለአስማሚና ለቦርድ ይሰጣል። ግን መጀመሪያ አሠሪ ይፈልጋል። ነጋዴዋ ለግማሽ ሰዓት አሠሪ ናት? በራሱ የንግድ ኃላፊነት ለዋጋ የሚሠራን ሰው ደግሞ አዋጁ ከወሰኑ ያስወጣዋል። ስለዚህ ጫኙ በወረቀት ነጋዴ፣ በጀርባው ወዛደር ሆኖ መሀል ላይ ቀርቷል። ጠቡ ሲከር ፖሊስ ይጠራል፤ ፖሊስ ደግሞ ዱላ ያስቆማል እንጂ ዋጋ አይቆርጥም።

ሥነ ጽሑፍ ሳስተምር የቃል ነገር ይዞኝ ቀርቷል። «ኩሊ» የምንለውን ስድብ ያደረግነው እኛ ነን፤ በደቡብ ሕንድ ቋንቋዎች ኩሊ ማለት የጉልበት ዋጋ ነው። እዚያው ሕንድ፣ በኬረላ ግዛት፣ ሸክም ተሸካሚዎች በ1978 እ.ኤ.አ. የሚጠራ የራሳቸው ሕግ አላቸው። ይመዘገባሉ፣ የደኅንነት ቦርድ አላቸው፣ ክርክራቸውን የሚያስማማ የሠራተኛ ጉዳይ ሹምም አለ። የኛው ጣጣ ግን እነሱንም አልማረም። ሳይሸከሙ ቆሞ በማየት ብቻ ለሚጠየቅ ገንዘብ «ኖኩ ኩሊ»፣ የማየት ዋጋ፣ የሚል ስም ወጥቶለት፣ በግንቦት 2018 እ.ኤ.አ. ግዛቱ ከለከለው። ልዩነቱ፣ እነሱ ከመከልከላቸው በፊት ለተሸካሚው ዋስትና አስበው ነበር።

እኛስ? መቂ ላይ የሚያስፈልገው ብዙ አይመስለኝም። የሳጥንና የጆንያ ዋጋ ሁለቱም ወገን ተስማምቶበት በግልጽ ይለጠፍ። ባለቤት በገዛ እጁ መጫን መብቱ መሆኑ አብሮ ይጻፍ። ጠብ ሲነሳ መኪናው ይጫን፤ ያከራከረው ብር ግን በሦስተኛ ሰው እጅ ይቀመጥ። የአገሩ ጃርሱማ፣ እኛ ሽምግልና የምንለው፣ ለዚህ ያንሳል አልልም፤ ከነጋዴም ከጫኝም የታመኑ ሰዎች እዚያው በዕለቱ ይቁረጡት። የወር ቀጠሮ ለቲማቲም አይሆንም።

ከሁሉ በላይ ደግሞ ከምትጫነው ሳጥን ሳንቲም እየተቆረጠ፣ ወገቡ ለተቀጨ አባል የሚሆን ነገር ይቀመጥ። ያለ ሥራ አትቀበል ማለት ተገቢ ነው። ሲሠራ ወገቡ የተሰበረውን ማን ይቀበለዋል የሚለውን ሳይመልሱ ይህን ብቻ ማለት ግን ግማሽ ፍርድ ነው።