አፄዎቹን በኮላ ድባ

ፋሲል ከነማን በቴሌቪዥን ማየት የፈለገ ሰው ኮላ ድባ ይሂድ። አዲስ አበባ ውስጥ ግድግዳውን ሙሉ የሚሸፍን ስክሪን ያላቸው ቤቶች ገብቻለሁ፤ ጎንደር ፒያሳም ከደጋፊዎቹ ጋር ትከሻ ለትከሻ ተጋፍቼ አይቻለሁ። እንደ ኮላ ድባ ያለ ግን አልገጠመኝም።

ነገሩን የተዋወቅሁት በ2014 ዓ.ም. በበጋው ማብቂያ ወደ ጎርጎራ ስሄድ ነው። ሐሳቤ ጣናን በሰሜን ዳርቻው ማየት፣ ደብረ ሲና ማርያምን መሳለምና የአፄ ሱስንዮስን ቤተ መንግሥት ፍርስራሽ መጎብኘት ነበር። ከዚያ በፊት ግን ጎንደር ላይ አንድ ነገር ሆዴን በላው። ፋሲለደስ ስታዲየም በር ላይ ቆሜ ወደ ውስጥ ሳይ ሜዳው ጭር ብሏል። ከተማው በሙሉ ስለ ፋሲል ያወራል፤ ባጃጁ የፋሲልን አርማ ለጥፏል፤ ሻይ ቤቱ የቡድኑን ፎቶ ሰቅሏል፤ ቡድኑ ግን አዳማ ነው፤ ከ800 ኪሎ ሜትር በላይ ርቆ።

እንዴት እንዲህ እንደሆነ ኳስ ለማይከታተል አንባቢ ማስረዳት ተገቢ ነው። ፋሲል ከነማ በ1960 ዓ.ም. የተመሠረተ ክለብ ነው። ለረጅም ዘመን በታችኛው እርከን ሲንከራተት ኖሮ በ2008 ወደ ፕሪሚየር ሊጉ አደገ። ከዚያ ወዲህ ያለው ታሪክ የሩጫ ነው። በ2011 ዋንጫውን በመጨረሻው ጨዋታ ዕለት ለመቐለ 70 እንደርታ አሳልፎ ሰጠ፤ በዚያው ዓመት የኢትዮጵያ ዋንጫን አነሣ። የ2012 ውድድር በኮሮና ምክንያት ተቋረጠና ተሰረዘ። ሊጉ በ2013 ሲመለስ ሌላ መልክ ይዞ መጣ። ሱፐርስፖርት የቴሌቪዥን መብቱን ለ5 ዓመት በ22.5 ሚሊዮን ዶላር ገዛ፤ ክለቦቹም በየከተማቸው መጫወታቸውን ትተው ሁሉም በአንድ ከተማ እየተሰባሰቡ፣ ጥቂት ሳምንት ተጫውተው ወደ ሌላው ይጓዙ ጀመር። አዲስ አበባ፣ ጅማ፣ ባሕር ዳር፣ ድሬዳዋ፣ ሐዋሳ፣ በኋላም አዳማ። ጎንደር ከዝርዝሩ ውስጥ አልገባችም።

ፋሲል በአሠልጣኝ ሥዩም ከበደ እየተመራ በታሪኩ የመጀመሪያውን የሊግ ዋንጫ ያነሣው በዚያው ዓመት ነው። ጎንደር ልጇ ዘውድ ሲደፋ በቴሌቪዥን አየች። እኔ ይህን ሳስብ አሁንም ሆዴ ይባባል።

ጉዞዬን ልቀጥል። ከጎንደር ወደ ደቡብ ሲወጣ አዘዞ ይደረሳል፤ ሱስንዮስ ያሠሩትና የተቀበሩበት ገነተ ኢየሱስ ያለው እዚያ ነው። ከዚያ የባሕር ዳሩን መንገድ ለቆ ወደ ቀኝ ሲታጠፍ ደጋው ያበቃና ደምቢያ ይጀምራል። ተራራና ገደል የለመደ ዓይን ድንገት ሜዳ ላይ ይወድቃል። ያን ሰሞን ጤፉም ሽምብራውም ተሰብስቦ መረሬው ተሰነጣጥቋል፤ ከብቱ ገለባ ይለቅማል፤ ጋሪዎች ነጭ ሽንኩርት ጭነው ወደ ገበያ ይከንፋሉ። ጎንደር ከተማ ሳትቆረቆር በፊት ነገሥታቱ ድንኳናቸውን የሚተክሉት በዚሁ ሜዳ፣ ከተቆረቆረችም በኋላ ቤተ መንግሥቱ እህሉን የሚያስመጣው ከዚሁ ሜዳ ነበር። የፋሲል ተጫዋቾች «አፄዎቹ» ተብለው ሲጠሩ ሰው ሁሉ የሚያስበው የጎንደርን ግንቦች ነው። እኔ ከዚያ ጉዞ ወዲህ ደምቢያንም አብሬ አስባለሁ፤ የፋሲለደስ አባት ሱስንዮስ ዙፋናቸውን የዘረጉት እዚህ ነውና።

በመንገዴ ላይ ባለችው የደምቢያ ከተማ በኮላ ድባ የወረድሁት ምሳ ልበላ ነበር። ዋናውን መንገድ ይዤ ስሄድ አንድ በቆርቆሮ የተሠራ ረጅም ቤት ፊት ለፊት ሰው ተኮልኩሎ አየሁ። በሩ ላይ በተንጠለጠለ ጥቁር ሰሌዳ ላይ በጠመኔ «ዛሬ 9፡00 ፋሲል» ተብሎ ተጽፏል። ከሥሩ ደግሞ አነስ ባለ ጽሕፈት የእንግሊዝ ጨዋታዎች ሰዓት ሰፍሯል። በየከተማው ሌሎች ሰሌዳዎች አይቻለሁ፤ እዚያ ማንቸስተርና አርሴናል በትልቁ ይጻፉና የአገር ቤቱ ክለብ ጥግ ላይ ይቀራል። እዚህ ተገልብጦ አየሁት። ጎርጎራ ለነገ ትቆይ አልሁና ከፍዬ ገባሁ።

ከመግባቴ በፊት ግን በር ላይ ያየሁትን ልንገራችሁ። ከገጠር የመጣው ሰው ሁሉ ዱላውን ለባለቤቱ እያስረከበ ይገባል። ባለቤቱ ተቀብሎ ግድግዳው ጥግ በረድፍ ያስደግፈዋል። ምልክት አይሰጥም፣ ወረቀት አይጽፍም። ጨዋታው ሲያልቅ እያንዳንዱ ሰው የራሱን ዱላ አንሥቶ ይሄዳል፤ አንድም «ዱላዬ ጠፋ» ያለ አልሰማሁም። አንዱ ዱላ ጫፉ ላይ የፋሲል ስም በምስማር ተፍቆበታል። እንደዚያ ያለ የክለብ ፍቅር በየትም ሱቅ አይሸጥም።

ውስጡ ጨለም ያለ ነው። አግዳሚዎቹ ባሕር ዛፍ ናቸው፤ አቧራ እንዳይነሣ ወለሉ ላይ ውኃ ተረጭቷል። ፊት ለፊት ሁለት ቴሌቪዥን አለ፤ ትልቁ ለፋሲል፣ ትንሹ ለእንግሊዝ። እኔ ቆሜ ስቁለጨለጭ አንድ ጋቢ የለበሱ አዛውንት ተጠጉልኝ።

«ና ተቀመጥ እንጂ ልጄ፤ ቆሞ ኳስ አይታይም። ከየት ነህ?»

«ከአዲስ አበባ ነኝ አባባ።»

«እኮ! ታዲያ አዳማ ደጃፋችሁ አይደል? እኛ እዚህ በመስኮት እያየን፣ እናንተ እዚያ እያላችሁ ሜዳ ገብታችሁ አታዩትም?»

ምን እላለሁ? እውነታቸውን ነው።

ጨዋታው እስኪጀመር ስለ ዱሮው አወጉኝ። ፋሲል ጎንደር በሚጫወትበት ጊዜ ከኮላ ድባ ተነሥቶ ስታዲየም መግባት የሚችለው ጥቂት ሰው ነበር። መሳፈሪያ አለ፣ መግቢያ አለ፤ ጨዋታው ሲያልቅ ደግሞ መኪና ስለማይገኝ ማደሪያ አለ። «አንድ ጨዋታ አንድ ሌሊት ይበላ ነበር» አሉኝ። እርሳቸው የሚሄዱት እህል ሸጠው እጃቸው ላይ ፍራንክ ሲኖር ብቻ ነው። የቀረው ሰው ሬዲዮ ከብቦ ይሰማል፤ ያም ሲተላለፍ ነው። የዚያን ዓመቱን ግን አንድም ጨዋታ እንዳላለፋቸው ነገሩኝ።

እዚህ ላይ ነው ዓይኔ የተገለጠው። ቴሌቪዥኑ ፋሲልን ከጎንደር እንደወሰደ እያሰብሁ ከፍቶኝ ነበር የመጣሁት። ለደምቢያ ግን አምጥቶለታል። ስታዲየሙ 35 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ሳለ ያልደረሰበት ገበሬ፣ ቡድኑ ሐዋሳና ድሬዳዋ ሲሄድ ደረሰበት። ይህን ጎንደር ፒያሳ ተቀምጦ የሚያስበው ሰው ብዙ አይመስለኝም።

ስለ መቀበያ ዕቃውም ላውራ፤ የሱፐርስፖርት ጣቢያዎች የሚታዩበትን ዲኤስቲቪ ቤቱ ማስገባት የሚፈልግ አንባቢ ይኖራልና። በጎንደርና በደምቢያ ጣሪያዎች ላይ የምታዩት ብዙው ዲሽ ፊቱን ወደ ደቡብ ምሥራቅ ያዞረ ነው። እሱ ኢትዮሳትን ማለትም በ57 ዲግሪ ምሥራቅ ያለውን ሳተላይት የሚያይ ነው፤ የአገር ውስጥ ጣቢያዎቹ በነፃ የሚመጡት ከዚያ ነው። ዲኤስቲቪ ግን የሚገኘው በ36 ዲግሪ ምሥራቅ ካለው ሳተላይት ነው። ይህ ሳተላይት ጎንደርን ለመሰለ ቦታ በደቡብ በኩል ሽቅብ ከፍ ብሎ፣ ከአናት ብዙም ሳይርቅ ስለሚገኝ ዲሹ ፊቱን ቀና አድርጎ ሰማይ ሰማይ ያያል። ስለዚህ ነባር ዲሽ ያለው ሰው ሁለተኛ ዲሽ መትከል ወይም የነበረውን ማዞር ይኖርበታል። ዲኮደሩን ከታወቀ ወኪል ግዙ፤ ካርዱን በስማችሁ አስመዝግቡ፤ ወርኃዊ ክፍያውን አሁን በስልክም መክፈል ይቻላል። ጥቅሎቹ ጎጆ፣ ቤተሰብ፣ ሜዳ እየተባሉ ይወጣሉ፤ ሊጉ አሁንም መተላለፉንና በየትኛው ውስጥ እንዳለ ከመክፈላችሁ በፊት ወኪሉን አጥብቃችሁ ጠይቁ። ክረምት ላይ ከጣና የሚነሣ ከባድ ደመና ሲግናሉን ሊያቋርጠው ይችላል፤ ያን ጊዜ ዲሹን መነካካት ዋጋ የለውም፣ ዝናቡ እስኪያልፍ መጠበቅ ነው።

እንግዲህ ጨዋታው ተጀመረ። ተንታኙ በአማርኛ ይናገራል፤ ቤቱ ግን የራሱ ተንታኞች አሉት። ከፊቴ የተቀመጠ የጋሪ ነጂ ልጅ የተጋጣሚውን ተከላካዮች አሰላለፍ በጣቱ አየር ላይ እየሳለ ለጓደኛው ያስረዳል። ተጫዋቾቹን እንደ ቤተ ዘመድ በስማቸው ይጠሯቸዋል። ግብ ጠባቂው ኳስ ሲይዝ «እሰይ!» ይባላል፤ አማካዩ ሲዘገይ «ኧረ ቶሎ በል ወንድሜ!» ይባላል። አዛውንቱ ግን ድምፅ አያወጡም። ጋቢያቸውን አፍንጫቸው ድረስ ስበው፣ ዓይናቸውን ሳይነቅሉ ያያሉ። ኳሷ ወደ ተጋጣሚ ሳጥን በቀረበች ቁጥር ቀኝ እግራቸው ከጫማው ውስጥ ሲንቀሳቀስ አይ ነበር።

አጋማሽ ሳይደርስ መብራት ሄደ። እኔ አለቀ ብዬ ስነሣ ማንም አልተንቀሳቀሰም። ባለቤቱ በጓሮ ዞሮ ጀኔሬተሩን እስኪያስነሣ አንድ ወጣት ባርኔጣውን ይዞ በየአግዳሚው አለፈ፤ ሁሉም የቤንዚን የሚሆን ጣል አደረገ። አንዲት በር ላይ ቡና የሚሸጡ እናት ሳይቀሩ አዋጡ። ስክሪኑ ተመልሶ ሲበራ የቤቱ ጭብጨባ ለግብ ከሚሆነው አላነሰም።

ግብ ሲገባማ አልነግራችሁም። የአግዳሚው ሰው ሁሉ በአንድ ጊዜ ተነሣ፣ ቆርቆሮው ነጐደ፣ አዛውንቱ ጋቢያቸውን ትከሻዬ ላይ ጥለው አቀፉኝ። ትንሹን ቴሌቪዥን የሚያዩት የእንግሊዝ ደጋፊዎች እንኳን ጨዋታቸውን ትተው ዘለሉ።

ከጨዋታው በኋላ ቡና ላይ ያነሣነው ስለ ባሕር ዳር ከነማ ነው። የጣና ሞገዶቹና አፄዎቹ የሚገናኙበት ቀን ኮላ ድባ ከባድ ቀን ነው አሉኝ። ሐይቁ አንድ ነው፤ ያኛው ዳር የእነርሱ፣ ይህኛው ዳር የእኛ። ያን ቀን ሰው ቤት ውስጥ አልበቃ ብሎ በመስኮት ያያል፤ ቁጭቱም ደስታውም የሚያልቀው ግን በዚያው ቡና ላይ ነው። የባሕር ዳር ደጋፊ የሆኑ ሰዎችም አብረው ገብተው፣ አጠገብ ለአጠገብ ተቀምጠው ያያሉ። ይህን የነገሩኝ በኩራት ነው፤ መኩራትም ይገባቸዋል።

ጎርጎራን በማግሥቱ አየሁት። ደብረ ሲና ማርያም ውብ ናት፤ ሐይቁም ውብ ነው። ስለ እነርሱ ብዙ ሰው ስለጻፈ እኔ አልደግምም።

ወደ ጎርጎራ የምትጓዙ ሁሉ፣ ፋሲል የሚጫወትበት ቀን መሆኑን አስቀድማችሁ ጠይቁና ኮላ ድባ ላይ ውረዱ። ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት ድረሱ፤ የኋለኛው አግዳሚ ምሰሶ ይጋርደዋል። ለቤንዚን የሚሆን ዝርዝር ብር ያዙ። ሊጉን ለሚመሩትና የቴሌቪዥን መብቱን ለሚይዙት ሁሉ ደግሞ አንድ ልመና አለኝ። ፋሲለደስ ስታዲየም ለሊግ ጨዋታ በሚገባው ደረጃ ተዘጋጅቶ አፄዎቹ ወደ ጎንደር ይመለሱ፤ ከተማዋ ቡድኗን በዓይኗ የማየት መብት አላት። እነርሱ ሲመለሱ ግን ስርጭቱን ከኮላ ድባ እንዳትወስዱት። የጥቅሉን ዋጋ ስትተምኑ እነዚያን የባሕር ዛፍ አግዳሚዎች አስቧቸው።