ለራሒል የተሠራ ሙዚቃ

እህቶቼ፣ የፊልም ሙዚቃ ማን እንደሠራው ጠይቃችሁ ታውቃላችሁ? እኔ ሀደት ከሦስት ልጆች ጋር ቤት ተከራይቼ መኖር እስክጀምር ድረስ አልጠየቅኩም ነበር። እሁድ ማታ ፊልም እናያለን፤ እነሱ እንቅልፍ ሲጥላቸው እኔ መጨረሻ ላይ የሚያልፉትን ስሞች አነባለሁ። ኻሊድ ሙዘናር የሚለውን ስም ያገኘሁት እንደዚያ ነው።

የቤይሩት ልጅ ነው፤ ቦጎስ ጀላልያን ከሚባል አርመናዊ ሊባኖሳዊ የሙዚቃ ደራሲ ዘንድ ተምሯል። ስሙ የገነነው በ2007 (በፈረንጅ ነው የምቆጥረው) ናዲን ለበኪ በሠራችው «ሱከር ባናት» ነው። ታሪኩ ውበት ሳሎን ውስጥ ነው፤ ስሙም ስኳርና ሎሚ ተፈልቶ የሰውነት ጸጉር የሚነቀልበት ነገር። ስንቶቻችን ለማዳም አፍልተናል! በዚያው ዓመት ሁለቱ ተጋቡ። በ2011 «አሁን ወዴት እንሂድ» መጣ። መግቢያው ላይ ጥቁር የለበሱ ሴቶች ደረታቸውን እየመቱ፣ አንድ ላይ እየተወዛወዙ ወደ መቃብር ይሄዳሉ። እኔን የአገሬ ለቅሶ ነው የመጣብኝ።

የእኛው ግን የ2018ቱ «ቅፍርናሆም» ነው። ራሒል ኢትዮጵያዊት ናት፤ በሐሰተኛ ወረቀት፣ ትዕግሥት በሚል ስም ትሠራለች፤ ልጇን ዮናስን ሽንት ቤት ውስጥ ደብቃ ታጸዳለች። ሙዘናር በዚህ ፊልም ሙዚቃውን ብቻ አይደለም የሠራው፤ ፕሮዲውሰርም ነበር። ገንዘብ ሲያጥራቸው ቤታቸውን አስይዘው ተበደሩ። ፊልሙ ካን ላይ የዳኞች ሽልማት አገኘ፣ ለኦስካርም ታጨ። ራሒልን የተጫወተችው ዮርዳኖስ ሽፈራው ግን ራሷ ወረቀት አልነበራትም፤ ቀረጻው ሳያልቅ በእውነት ታሰረች። ፊልሙ ላይ ከምታዩት እስር ያ ይብሳል።

ካሜራው ሰፈሩን ከላይ ሲያሳይ ሙዚቃው ከፍ ይላል፤ ጣሪያው፣ ሽቦው፣ ጎማው ሁሉ ትልቅ ነገር ይመስላል። እኔ ከታች ሆኜ ነው ያንን ሰፈር የማውቀው፤ ከታች የሚሰማው ጄኔሬተርና ሞተር ሳይክል ነው። ቢሆንም እወደዋለሁ። ያለዚያ ሙዚቃ ብዙ ሰው እስከ መጨረሻው ባላየው ነበር።

ፊልሙን መጀመሪያ ያየሁት ከማዳሜ ጋር፣ ሳሎን ውስጥ ቆሜ ነው። ለራሒል አለቀሰች፤ እንባዋን መጥረጊያ ሶፍት ያቀበልኳት እኔ ነኝ። ፓስፖርቴ በዚያን ጊዜ በእሷ መሳቢያ ውስጥ ነበር። ሲያልቅ ቡና አዘዘችኝ። በሙዚቃው አልፈርድም፤ እሱ ሥራውን ሠርቷል፣ አስለቅሷታል። መሳቢያ መክፈት የሙዚቃ ሥራ አይደለም።

አንድ ነገር ብቻ ይቆጨኛል። በ2005 የጂም ጃርሙሽ ፊልም የኛን የሙላቱ አስታጥቄን ሙዚቃ ይዞ ወጥቶ ነበር፤ ዊንስተን የሚባለው ኢትዮጵያዊ ጎረቤት ነው ሲዲውን ለጓደኛው የሚሰጠው። ሙዘናር እኔን ቢጠይቀኝ ለራሒል ትዝታ እመርጥላት ነበር፤ በክራር ብቻ፣ ዮናስን ስታጠባ።

አብራኝ የምትኖር ልጅ የ«ሱከር ባናት»ን ዜማ ደረጃ ስታጥብ ታንጎራጉረዋለች። ናጡሩ የፌይሩዝ ነው ይላታል፤ አይደለም ብትለው አያምናትም።