በጃፓን አገር ስላየነው የማዕድ ሥርዐት

ረኃብ ለሰው ልጅ ሁሉ አንድ ነው፤ አበላሉ ግን እንደየአገሩ ልዩ ልዩ ነው። ስለዚህ የአንድን ሕዝብ ጠባይ ለማወቅ የሚሻ ሰው ከአደባባዩ ይልቅ ገበታውን ቢመለከት ብዙ ይማራል። እኛም ባለፈው ዓመት ከቤተ ሰባችን ጋራ ወደ ጃፓን አገር ሄደን፥ በኪዮቶ ከተማ በአስጎብኚ እየተመራን ያየነውንና የቀመስነውን ለዚህ ገጽ አንባቢዎች ልንጽፍ የወደድነው በዚህ ምክንያት ነው።

ስለ ጃፓን የጻፈ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ እኛ እንዳልሆንን የታወቀ ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሳሉ በ1924 ዓ.ም. የንጉሠ ነገሥቱ መልእክተኛ ሆነው ወደዚያ አገር ሄደው፥ በቶኪዮ በጃፓን ንጉሠ ነገሥት ፊት ቀርበው ተመልሰዋል፤ ያዩትንም «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» በተባለው መጽሐፋቸው ጽፈውታል። ከዚያም ጥቂት ቀደም ብሎ በሐምሌ ወር 1923 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት፥ በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ሲያረቁት፥ በ1881 ዓ.ም. ከወጣው ከጃፓን ሕገ መንግሥት ብዙ ነገር ወስዷል። የዚያ ዘመን ሊቃውንት ጃፓንን የጠየቁት፥ «አዲሱን ነገር እንዴት እንዲህ በቶሎ ተማራችሁ?» እያሉ ነበር። እኛ ግን ከቤታችን የወጣነው፥ «አሮጌውን ነገር ሳትጥሉ እንዴት ቆያችሁ?» የሚለውን ሌላውን ጥያቄ ይዘን ነው።

የምንኖረው ከአዲስ አበባ በስተ ደቡብ በፉሪ ነው። የፉሪ ለቡ የባቡር ጣቢያ ከቤታችን አይርቅም። ብላቴን ጌታ ኅሩይ በባቡርና በመርከብ ሳምንታት የፈጀባቸውን መንገድ፥ ዛሬ ከፉሪ የተነሣ መንገደኛ በአውሮፕላን በማግሥቱ ይጨርሰዋል። የተጓዝነውም እኛና ባለቤታችን፥ ሁለቱ ልጆቻችንና ሰባ ዓመት ያለፋቸው እናታችን ነን። ጊዜው ኅዳር ስለ ነበረ የነቢያት ጾም ገብቷል። ዘመዶቻችን እናታችንን፥ «መንገደኛ ነዎት፤ የንስሓ አባትዎ ይፈቅዱልዎታል» ቢሏቸው፥ «ጾሜን ፉሪ ትቼ ከሄድሁ ምኔን ይዤ ልሄድ ነው?» ብለው መለሱ። ስለዚህ ከሻንጣችን አንዱ በዳቦ ቆሎና በቡና ተሞላ።

ኪዮቶ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከ794 ዓ.ም. ጀምሮ ከአንድ ሺህ ዓመት በላይ የጃፓን ነገሥታት መቀመጫ የነበረች ከተማ ናት። በኅዳር ወር የዛፎቿ ቅጠል እንደ በርበሬ ይቀላል። አስጎብኚያችን በዚያው ከተማ ተወልዳ ያደገች ወጣት ሴት ነበረች፤ የምትናገረውንም ልጃችን እየተረጎመች ለአያቷ ታሰማ ነበር። በመጀመሪያ የወሰደችን «የኪዮቶ ማድ ቤት» ወደሚባለው ወደ ኒሺኪ ገበያ ነው። ገበያው በጣሪያ የተሸፈነ ጠባብ መንገድ ሲሆን፥ በግራና በቀኙ ከመቶ የሚበልጡ ሱቆች ተደርድረዋል። የተቀመመ አትክልት፥ የደረቀ ዓሣ፥ ሻይ፥ ጣፋጭና የወጥ ቤት ቢላዋ ሁሉ ይሸጥበታል። አንድ ሽማግሌ ነጋዴ አገራችንን ጠይቀው ኢትዮጵያ መሆኑን በሰሙ ጊዜ፥ «አበበ!» ብለው ከመቀመጫቸው ተነሡ። አበበ ቢቂላ በጥቅምት ወር 1957 ዓ.ም. በቶኪዮ የማራቶንን ሩጫ ሁለተኛ ጊዜ ያሸነፈ መሆኑን እዚያ ያሉ አረጋውያን እስከ ዛሬ አልረሱትም።

በዚህ ገበያ ሳለን የጾሙ ነገር ተነሣ። እናታችን በጾም ዓሣ አይቀምሱም። የጃፓን ወጥ ግን ዐይን ቢያየው አትክልት ብቻ ቢመስልም፥ መረቁ ብዙውን ጊዜ የሚወጣው ዳሺ ከሚሉት ነገር ነው። ዳሺም የሚሠራው ኮምቡ ከተባለ የባሕር ቅጠልና በጢስ ደርቆ እንደ እንጨት ፍቅፋቂ ከተላገ ዓሣ ነው። አስጎብኚያችን ይህን ሳንጠይቃት ነገረችን፤ «እንግዳ የሚበላውን ሳያውቅ ሊበላ አይገባውም» ብላ በአንድ የቡድሃ ገዳም አጠገብ ወዳለ የጾም ምግብ ቤት ወሰደችን። ይህ ምግብ ሾጂን ሪዮሪ ይባላል። ሥጋም ዓሣም አይገባበትም፤ ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት እንኳ የተከለከለ ነው። መረቁ የሚወጣውም ከኮምቡና ከደረቀ እንጉዳይ ብቻ ነው።

የቀረበልን ከአኩሪ አተር ወተት የረጋና እንደ አይብ የነጣ ቶፉ፥ ከሰሊጥ የተሠራ ሌላ እርጎ መሳይ ምግብ፥ ሩዝ፥ የተቀመመ አትክልትና የሚሶ ሾርባ ነበር። ሚሶ ከአኩሪ አተር ተቦክቶ የሚቀመጥ ወጥ ማጣፈጫ ነው። እናታችን ቀምሰው ጥቂት ዝም አሉና፥ «ይህስ የስልጆ ዘመድ ነው፤ ሰናፍጩን ረስተውታል እንጂ» አሉ። አስጎብኚያችን የስልጆን አሠራር ከሰማች በኋላ የአገሯን ታሪክ ነገረችን። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ675 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥት ተንሙ የላም፥ የፈረስ፥ የውሻ፥ የዝንጀሮና የዶሮ ሥጋ በዓመቱ ከፊል ወራት እንዳይበላ ዐዋጅ አወጡ። ከዚያ ወዲህ ከሥጋ መራቅ በብዙ መልኩ ስለ ቀጠለ፥ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1872 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥት ሜጂ የላም ሥጋ መብላታቸው ለሕዝብ ሲነገር እንደ ትልቅ ወሬ ተቈጠረ። ሥጋ በራቀበት ዘመን ሁሉ ማድ ቤቱ ከአኩሪ አተር ብዙ ብልኀት አወጣ። የእኛስ ሽሮ፥ ስልጆ፥ ሱፍ ፍትፍትና ተልባ ከወዴት መጡ? ጾም የሆድ ቅጣት ብቻ ሳይሆን የማድ ቤት ትምህርት ቤት መሆኑን በዚያ ገበታ ላይ አስተዋልን።

አስጎብኚያችን ከመብላታችን በፊት እጆቿን አጋጥማ «ኢታዳኪማስ» አለች፤ ትርጓሜው በትሕትና እቀበላለሁ ማለት ነው። ስንጨርስም «ጎቺሶሳማ» አለች፤ ይህም ማዕዱን ለማዘጋጀት ወዲያና ወዲህ ለሮጠው ሰው የሚቀርብ ምስጋና ነው። ዶገን የተባለው የዜን መምህር እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1237 ዓ.ም. ስለ ገዳም የወጥ ቤት ሹም ሥራ ራሱን የቻለ መጽሐፍ እንደ ጻፈና፥ ሩዝ ሲታጠብ አንዲት ፍሬ እንኳ እንዳትባክን እንዳዘዘ ጨምራ ነገረችን። እናታችንም ይህን ሰምተው፥ ወጥ ሠሪዋን ካላየሁ አልነሣም አሉ። ሴትዮዋ ስትመጣ በአማርኛ፥ «እጅሽ ይባረክ» አሏት፤ እርሷም ቃሉ ሳይተረጎምላት ገብቷት እጅ ነሣች።

አሁን ደግሞ ለቤተ ሰብ ሁሉ ትምህርት የሚሆነውን ነገር እንናገራለን። ጃፓኖች የሚበሉት በሁለት ቀጫጭን የእንጨት በትሮች ሲሆን፥ ምግቡም ለእያንዳንዱ ሰው በየራሱ ገበታ ይቀርባል። ይህ ለእናታችን አልተስማማቸውም፤ «የተጣላ ቤተ ሰብ ይመስላል» አሉ። አስጎብኚያችን ስቃ፥ በክረምት ከአንድ ድስት አብረው የሚበሉት ምግብ እንዳላቸው ከገለጸች በኋላ፥ አንድ ብርቱ ክልክል ነገረችን። ከበትር ወደ በትር ምግብ መቀባበል አይገባም። ሬሳ ከተቃጠለ በኋላ ዘመዶች ዐፅሙን የሚለቅሙትና የሚቀባበሉት በእንዲህ ያለ በትር ነው። በትሩን በሩዝ ላይ ማቆምም እንዲሁ ለሙት የሚደረግ ነው። እንግዲህ በእኛ አገር የፍቅር ምልክት የሆነው ማጉረስ፥ በበትር ቢደረግ በዚያ አገር ሐዘንን የሚጠራ ይሆናል ማለት ነው።

እናታችን ይህ ሲተረጎምላቸው በትሩን ቀስ ብለው አስቀመጡ። ከዚያም፥ «በእጅስ ክልክል አለው ወይ? ጠይቂልኝ» አሉ። በእጅ የሚከለክል ሕግ የለም ተባለ። ከቦርሳቸው ከፉሪ የመጣውን ዳቦ ቆሎ አውጥተው፥ «እንግዲያውስ እንቺ ልጄ» ብለው አጐረሷት፤ አንድ ያጣላል ብለውም ደገሙላት። አስጎብኚያችን አፏን በእጇ ሸፍና እስክትውጥ ድረስ ዐይኖቿ እንባ አቀረሩ። እናቷ ከሞተች ወዲህ በእጁ ያጐረሳት ሰው እንደሌለ ነገረችን። ምክንያቱ ተጠይቆ ስለ ታወቀ፥ የአንዱ ልማድ ሌላውን ሳያስቀይም ሁለቱም በአንድ ቦታ ተከበሩ።

ከቀትር በኋላ ወደ ሻይ ቤት ሄድን። ይህ እንደ እኛ ሻይ ቤት ገብቶ የሚወጡበት አይደለም፤ ሻይ በሥርዐት የሚቀርብበት ትንሽ የሣር ምንጣፍ ክፍል ነው። ሥርዐቱን ያጸናው ሴን ኖ ሪክዩ የተባለው እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከ1522 እስከ 1591 ዓ.ም. የኖረ ሊቅ ነው። የክፍሉ በር አንድ ክንድ ከስንዝር የማይሞላ ስለ ሆነ፥ መስፍንም ሆነ ወታደር ሰይፉን ከውጭ ትቶ በጕልበቱ እየዳኸ ይገባል። ለአረጋውያንና ለመኳንንት ቆመው የሚገቡበት ሌላ በር ስለ ነበረ፥ ለእናታችን እርሱ ተከፈተላቸው። እርሳቸው ግን፥ «በላሊበላ ጐንብሼ ገብቻለሁ፤ እዚህስ ምን አኮራኝ?» ብለው በትንሹ በር ገቡ። አስተናጋጇ አረንጓዴውን የሻይ ዱቄት በቀርከሃ መምቻ እየመታች አንድ በአንድ አቀረበች፤ ጽዋው ለምን በእጅ እንደሚዞር፥ ጣፋጩ ለምን ከሻይ በፊት እንደሚበላ ምክንያቱን ሁሉ ተናገረች። ጽዋው የሚዞረው ባለቤቷ ወደ እንግዳው ባዞረችው በመልካሙ ፊት ላይ አፍ ላለማኖር ነው።

ከዚያም አስጎብኚያችን፥ «እናንተም የቡና ሥርዐት አላችሁ ይባላል፤ ስለምን ሦስት ጊዜ ትጠጣላችሁ?» ብላ ልጆቻችንን ጠየቀች። ልጆቹ አቦል፥ ቶና፥ በረካ ብለው ስሙን ቈጠሩ። ምክንያቱን ስትደግም ግን እርስ በርሳቸው ተያዩ። ወንዱ ልጅ፥ «ልማድ ነው» አለ። በዚያ ቤት ከጧት ጀምሮ «ልማድ ነው» የሚል መልስ ሰምተን ስለማናውቅ ቃሉ ከበደ።

እናታችን በዝግታ እንዲህ አሉ፦ «ጎረቤት ከጎረቤቱ ተጣልቶ ይመጣል። ቡና ተፈልቶ ተነሥቶ መሄድ ነውር ነው። በአቦል ዝም ይላሉ። በቶና ስለ ልጆችና ስለ ገበያ ይነጋገራሉ። በረካ በረከት ነውና እስኪመረቅ ድረስ ሳይታረቁ ይቀራሉ? ሦስቱ ለዚህ ነው። አንዱ ሲኒ ለጥማት ይበቃ ነበር።» ልጃችን ይህን ለመተርጎም ጥቂት ጊዜ ወሰደባት። አስተናጋጇ ሴት ሰምታ ወደ ምንጣፉ እስክትደርስ እጅ ነሣች። የልጅ ልጆቻቸው በየሳምንቱ የጠጡትን ቡና ትርጓሜ የሰሙት ከቤታቸው በአሥር ሺህ ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀት ላይ፥ ያውም የባዕድ አገር ሰው ስለ ጠየቀችላቸው ነው።

የተባበሩት መንግሥታት የትምህርት፥ የሳይንስና የባህል ድርጅት በኅዳር ወር 2006 ዓ.ም. በባኩ ከተማ ባደረገው ጉባኤ የጃፓንን የማዕድ ሥርዐትና የኢትዮጵያን የመስቀል በዓል በአንድ ጉባኤ በዓለም የማይዳሰስ ባህላዊ ቅርስነት መዝግቧል። መዝገብ መልካም ነው። ነገር ግን መዝገብ ስሙን ይጠብቃል እንጂ፥ በእናታችን አፍ ያለውን ዐይነት ምክንያት የሚጠብቀው ቤት ነው። እናታችን ዛሬ ቢጠየቁ ይመልሳሉ፤ ዕድሜ ግን የማንንም እናት አይጠብቅም።

ስለዚህ ከተመለስን ወዲህ በፉሪ ቤታችን አንድ ሥርዐት አቁመናል። እሑድ እሑድ ቡናውን የሚያፈሉት ልጆቹ ናቸው፤ በረካው ከመቀዳቱም በፊት አንደኛቸው ለአያታቸው አንድ «ለምን?» ያቀርባሉ። ማዕድ ሲነሣ ስለምን ይመረቃል? ታናሽ ለታላቅ ሲያስታጥብ ስለምን ጐንበስ ይላል? መልሱ በደብተር ይጻፋል። የአንዱ ቤት መልስ ከሌላው ቤት ቢለይ አይከፋም፤ መልስ የሌለበት ቤት እንዳይኖር ነው ድካሙ። ክቡራን አንባቢዎቻችንም በየቤታችሁ አረጋውያን ካሏችሁ፥ እንግዳ መጥቶ እስኪጠይቅላችሁ ሳትጠብቁ ዛሬውኑ ጠይቋቸው።